ያልተቆጠረው ዘመን

ወጣቶቻችን ከናይሮቢ ጎዳና አሮጌ መጻሕፍት እየገዙ የሚያነቡት አንድ ዓይነት ተረት አለ። በተረቱ ውስጥ ጊዜን በአስማት የሚያቆም፣ ሲሻውም ወደ ኋላ የሚመልስ ሊቅ ይገኛል። እኛ ዘንድ የጊዜ ሊቅ የሚኖረው በተረት ሳይሆን በደብር ነው፤ የባሕረ ሐሳብ መምህር ይባላል። ጊዜን አያቆምም፤ ይቆጥረዋል እንጂ። የሚመጣውን ፋሲካ ከመቶ ዓመት በፊት ሲናገር የሰማ ባላገር ግን አስማተኛ ቢለው አይፈረድበትም።

ይህን ያነሣነው ያለ ምክንያት አይደለም። በመካከላችን በ1999 ዓ.ም. የመጣ አንድ ወዳጃችን፣ «እዚህ የኖርኩት ዕድሜ አይቆጠርም» ይላል። ስለዚህም አላገባም፤ የእጅ ሙያ ሊያስተምሩት ሲጠሩት አልሄደም፤ ዕድሜው ሲጠየቅ ሲመጣ የነበረውን ዕድሜ ይናገራል። ለመሆኑ ሰው ሳይወድ የቆየበት ዘመን ከዕድሜው ይቆጠራልን?

በትውፊታችን የሐሳቡ አባት የእስክንድርያው 12ኛ ፓትርያርክ ድሜጥሮስ ነው። ከሹመቱ በፊት ወይን ተካይ ነበር ይባላል። አጽዋማትና በዓላት ከሚገባቸው ዕለት እንዳይወጡ ቢመኝ፣ 23 ሱባዔና 7 ሱባዔ እንዲይዝ ተነገረው። 23 ሱባዔ 161 ቀን ነው፤ በ30 ሲገደፍ 11 ይተርፋል። 7 ሱባዔ 49 ቀን ነው፤ 19 ይተርፋል። ያ 11 ጥንተ አበቅቴ፣ ያ 19 ጥንተ መጥቅዕ ሆነ። እስከ ዛሬም የፋሲካችን ሒሳብ የሚነሣው ከእነዚህ ቁጥሮች ነው። ልብ በሉ፤ የሰውየው መሣሪያ የተሠራው ከቆየባቸው ቀናት ነው።

ወዳጃችን መልስ አላጣም። «ድሜጥሮስ ሱባዔውን ወዶ ገባ፤ የሚያልቅበትንም ቀን ያውቅ ነበር» አለን። እውነት ነው። ቀጠሮው ሦስት ጊዜ የተዛወረበት ሰውና ባሕታዊ አንድ አይደሉም፤ ይህን የሚክድ ወረፋ ቆሞ አያውቅም።

ሳይወድ የቆየ ሊቅ እንፈልግ ካልን ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ አሉ። በ1968 ዓ.ም. አዲስ አበባ የደርግ ወታደሮች በጥይት መቷቸው፤ ሽባ ሆነው በተሽከርካሪ ወንበር ቀሩ። ከዚያም በአሜሪካ፣ ሚኒሶታ፣ ኮሌጅቪል የብራና መጻሕፍት ሲመረምሩ ኖሩ። በ1993 ዓ.ም. ስለዚሁ ስለ ዘመን ቈጠራ «ባሕረ ሐሳብ» የተባለውን መጽሐፍ አሳተሙ፤ በ2013 ዓ.ም. እዚያው በባዕድ አገር አረፉ። እርግጥ እሳቸው ቤተ መጻሕፍት ነበራቸው። እኛ ያለን ይህች በእጅ የምትገለበጥ ወረቀት ናት።

ከሒሳቡ ውስጥ ወዳጃችንን የሚያግዝ አንድ ነገር አለ፤ ልንደብቀው አይገባም። ዓመተ ዓለሙ በ19 ሲገደፍ ከተረፈው ላይ አንድ ይቀነሳል፤ የተያዘው ዓመት ገና አላለቀምና። የቀረው ወንበር ይባላል። «አያችሁ፣ ያላለቀ አይቆጠርም!» አለ ወዳጃችን ደስ ብሎት። ነገር ግን ሊቁ የሚቀንሰው አንድ ብቻ፣ ያውም በእጁ ያለውን ነው። ወዳጃችን የቀነሰው 19 ነው። ያለፈው ዓመት በጎም ይሁን ክፉ አልቋል፤ እንዳልነበረ የማድረግ ሥልጣን ለተረቱ አስማተኛ እንጂ ለእኛ አልተሰጠም። ይህን ስንል ያቆየንን በደል ይቅር ማለታችን አይደለም። እንዲያውም ዘመኑ ካልተቆጠረ፣ ምን ተወሰደብን ብለን ነው የምንከሰው?

(በነገራችን ላይ፣ በዚህ ከተማ አንድ ደስ የሚል ነገር አለ። ኢስሊ ገበያ ውስጥ ስዋሂሊ ተናጋሪው ሰዓቱን እንደኛው ከንጋት ይቆጥራል፤ ጠዋት «ሳ ሞጃ» ሲል አንድ ሰዓት ማለቱ ነው። መታወቂያችን ላይ ግን ብዙዎቻችን ጃንዋሪ 1 እንደ ተወለድን ተጽፈናል።)

ባለፈው ሰንበት አንድ አባት የ2018ን ሒሳብ በካርቶን ላይ በከሰል ሠርተው አሳዩን። 7518 በ19 ሲገደፍ 13፣ አንድ ሲቀነስ ወንበሩ 12፤ አበቅቴ 12፣ መጥቅዕ 18፤ ፋሲካ ሚያዝያ 4። ወዳጃችን የ1999ንም እንዲሠሩለት ጠየቀ። አበቅቴ 12፣ መጥቅዕ 18 ወጣ። ጨረቃ 19 ዓመቷን ዞራ እሱ በመጣበት ጊዜ ከነበረችበት ገብታለች። ካርቶኑን ዝም ብሎ ሲመለከት ቆየ። ከዚያም ከሰሉን ከአባታችን እጅ ተቀበለና፣ «የ2019ን እኔ ልሞክረው» ብሎ ተቀመጠ።