አማናው መስታወት ውስጥ ነበር



ሰው ለሐጅ ወይም ለዑምራ ሲነሳ ምን ምን እንደሚያደርግ ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ዕዳውን ይከፍላል፣ ያስቀየመውን አፉ በለኝ ይላል፣ ኑዛዜውን ይጽፋል፣ ለቤተሰቡም እስኪመለስ የሚበቃ ቀለብ ይተዋል። እኔም በ2016 ዓ.ም. ጥር ወር፣ ማለትም በ1445 ዓመተ ሂጅራ በወርኀ ረጀብ፣ እናቴን ይዤ ለዑምራ ስነሳ ይህንኑ አደረግሁ። ከሥራ ባልደረባዬ የተበደርኩትን መለስኩ። በአንድ ጽሑፍ ምክንያት ለሁለት ዓመት የተኳረፍኩትን ወዳጄን ቤቱ ድረስ ሄጄ አፉ በለኝ አልኩት። ባለቤቴ ልጃችንን ይዛ ኮምቦልቻ እናቷ ዘንድ ስለምትሰነብት የመንገዱንም የቀለቡንም ሰጠኋት። በዚህ ሁሉ መሐል ረስቼ ሳይሆን አቅልዬ በአንድ ዐረፍተ ነገር ያለፍኳቸው ነፍሶች ነበሩ። አራት ዓሦች።

ወገኖቼ! ሰው የሚበላው ባጣበት አገር ስለ ጌጥ ዓሣ መጻፍ ቅንጦት ነው የሚለኝ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። እኔም ራሴ ብዕሬን አንስቼ ሁለት ጊዜ አስቀምጬዋለሁ። ሆኖም ነገሩን ባሰብኩት ቁጥር ስለ ዓሣ ብቻ ሆኖ አላገኘሁትም።

አኳሪየሙን የገዛሁት ለልጄ ነው። መቶ ሊትር ያህል ውሃ የሚይዝ የመስታወት ሣጥን ሲሆን በኮንዶሚኒየም ቤታችን ሳሎን ውስጥ ከቴሌቪዥኑ ጎን ተቀምጧል። ስፖንጅ ያለው ማጣሪያና አየር የሚነፋ ትንሽ ሞተር አለው፤ ሞተሩ ቀንም ሌሊትም ድምፁ አይቋረጥም። ዓሦቹ ጎልድፊሽ የሚባሉት ቀያዮቹ ናቸው። ለመሄድ አንድ ቀን ሲቀረኝ ቁልፉንና የምግባቸውን ጣሳ ለጎረቤታችን የዘጠኝ ዓመት ልጅ ሰጠኋትና «ጠዋትና ማታ ትንሽ ትንሽ ስጪያቸው፤ አማና!» አልኳት። አማና የሚለውን ቃል እኔ እንደዋዛ ወረወርኩት። እሷ ግን በሁለት እጇ ነው የተቀበለችው።

መካን ያዩ ያውቁታል፤ በሐረሙ ዙሪያ ርግቦች እንደ ደመና ይነሳሉ፣ ይቀመጣሉ። እናቴ በየቀኑ እህል እየገዛች ትበትንላቸው ነበር። በኢሕራም ላይ ያለ ሰው የየብስ አውሬ ማደን እንደማይፈቀድለት፣ የባሕሩ ግን እንደተፈቀደለት ሱረቱል ማኢዳህ ያስተምረናል፤ በሐረሙ ክልል ውስጥ ደግሞ ኢሕራም ያላደረገም ሰው ቢሆን አያድንም። አብሮን የተጓዘ አንድ ወጣት አውቶቡሱ ውስጥ ዝንብ እንኳ በእጁ ሽው ለማለት ሲሳሳ አይቼ በልቤ ወድጄለት ነበር። እኛ እንዲህ ስንጠነቀቅ በሰነበትንባቸው አሥራ አራት ቀናት አዲስ አበባ ቤቴ ውስጥ ምን ሲሆን እንደሰነበተ ያወቅሁት ስመለስ ነው።

እንግዳው «አላህ ይቀበልህ!» እያለ ይገባል፤ ዘምዘሙ ይቀዳል፤ ቴምሩ ይዞራል። ሳሎኑ ግን ይሸታል። የአኳሪየሙ ውሃ ሩዝ የታጠበበት መስሏል። ሁለቱን ዓሦች የልጅቷ እናት አስቀድማ አውጥታ ጥላቸዋለች፤ ሦስተኛው ጎኑን ሰጥቶ ተንሳፏል፤ አራተኛው ከውሃው አናት ላይ ሆኖ አፉን ይከፍታል፣ ይዘጋል። ለሦስት ወር ይበቃል ያልኩት የምግብ ጣሳ ባዶ ነው። የሞተሩ ሶኬት ተነቅሏል። ልጅቷን አስጠርቼ በእንግዶቹ ፊት ጮህኩባት። «አማና አላልኩሽም?» አልኳት። አንድ ቃል ሳትመልስ ወጥታ ሄደች። ከእንግዶቹ መሐል አንድ ሽማግሌ ወደ አፋቸው ሊወስዱት የነበረውን ቴምር መልሰው ሳህኑ ላይ አስቀመጡት። ያች የቴምር ፍሬ እስከ ዛሬ ትታየኛለች።

ማታ እናቷ መጣች። ስለ ልጇ ልትወቅሰኝ አልነበረም፤ ልታስረዳኝ ነው። «ሞተሩን ማታ ማታ የምነቅለው እኔ ነኝ። ሰው በሌለበት ቤት ኤሌክትሪክ ሲሠራ ሲያድር እሳት ፈራሁ። ቤትህም አማና አይደለም ወይ?» አለችኝ። ልጅቷ ደግሞ በየጊዜው እየገባች ስታያቸው ዓሦቹ ወደ ላይ ወጥተው አፋቸውን ከፍተው ትመለከታለች። ራባቸው! ትጨምርላቸዋለች። እሷ ትምህርት ቤት ስትሆን ታናሽ ወንድሟ ይጨምራል። ዓሦቹ አፋቸውን ይበልጥ ይከፍታሉ። አሁንም ይጨመራል።

ዩኒቨርሲቲ አብሮኝ የተማረ የዓሣ ነገር የሚያውቅ ወዳጅ አለኝ። ነገሩን ስነግረው ለረጅም ጊዜ ዝም ካለ በኋላ «አልራባቸውም፤ ታፍነው ነው» አለኝ። ያልተበላው ምግብ ከታች ይበሰብሳል። ከእሱና ከዓሦቹ እዳሪ አሞኒያ ይወጣል፤ አሞኒያ ደግሞ ለዓሣ መርዝ ነው። በደህናው ቀን ይህን መርዝ የሚያስወግዱት በማጣሪያው ስፖንጅ ላይ የሚኖሩ በዓይን የማይታዩ ባክቴሪያዎች ናቸው፤ አሞኒያውን መጀመሪያ ወደ ናይትራይት፣ ከዚያም ጉዳቱ ወደቀለለው ናይትሬት ይለውጡታል። እነሱም እንደ ማንኛውም ነፍስ አየር ይፈልጋሉ። ሞተሩ ሲጠፋ ውሃው መዘዋወሩን ያቆማል፣ ባክቴሪያዎቹም መሞት ይጀምራሉ። የሚበሰብሰው ምግብ ራሱ በውሃው ውስጥ ያለውን ኦክስጅን ይሻማል። በዚህ ላይ ከተማችን ከባሕር ጠለል 2,400 ሜትር ያህል ከፍ ያለች በመሆኗ ሙቀቱ እኩል ቢሆን እንኳ ውሃዋ የሚይዘው ኦክስጅን በባሕር ዳርቻ ካለው በሩብ ገደማ ያንሳል። እንግዲህ ያ የአፍ መክፈት ትንፋሽ ፍለጋ ነበር። ልጅቷ የርኅራኄዋን በጨመረች ቁጥር ትንፋሻቸው ያጥር ነበር ማለት ነው። ሱብሓነላህ!

ከሁሉም የከነከነኝ የሚከተለው ነው። ጤነኛና ያደገ ጎልድፊሽ አንድ ሳምንት፣ ከዚያም በላይ ምንም ሳይበላ ሊቆይ ይችላል። ዓሣ እንደኛ ሰውነቱን ለማሞቅ ምግብ አያነድም። ምንም ባላዝ፣ ቁልፉንም ለማንም ባልሰጥ፣ ሞተሩ ብቻ እየሠራ ቢቆይ ኖሮ ዓሦቹን በሕይወት የማገኝበት ተስፋ ይበልጥ ነበር። የገደላቸው የእኔ «ትንሽ» የምትል ቃል ናት። ትንሽ ስንት ናት? ለዘጠኝ ዓመት ልጅ በእፍኝ የምትያዘው ሁሉ ትንሽ ናት።

ድመት አስራ በረሃብ ስለገደለችው ሴት የሚናገረውን ሐዲስ ያልሰማ ሙስሊም የለም፤ ቡኻሪም ሙስሊምም ዘግበውታል። ሴትዮዋ ለቅጣት የተዳረገችው ድመት ስለነበራት አይደለም። አላበላቻትም፣ ሄዳ የምድር ተንቀሳቃሽ ለቅማ እንድትበላም አልለቀቀቻትም። እስር ማለት ይህ ነው፤ የእንስሳውን ሲሳይ መፈለጊያ መንገድ ዘግተህ በራስህ ላይ ትወስደዋለህ። ወንዝ ውስጥ ያለ ዓሣ ውሃው ቢበላሽበት ወደ ላይ ወይም ወደ ታች ይሄዳል። የእኔዎቹ የት ይሂዱ? ግድግዳውን የሠራሁት እኔ ነኝ።

የፊቅህ ዑለሞቻችን ይህን በዝርዝር አይተውታል። ኢማም ነወዊ በ«ሚንሃጅ» ስለ ነፈቃ ሲጽፉ እንስሳውን የማያበላ ባለቤት እንዲያበላ ወይም እንዲሸጥ፣ ሥጋው የሚበላ ከሆነም እንዲያርድ እንደሚገደድ አስፍረዋል። ስለ ንብ ሲነሳ ማሩ ተቆርጦ አያልቅም፣ ለራሷ ይቀርላት ዘንድ ይገባል ይላሉ፤ ለሐር ትል ደግሞ የእንጆሪው ዛፍ ቅጠል እንዲቀርብለት ይጠይቃሉ። አስተውሉ! ለንብ ማር፣ ለትል ቅጠል። ለእያንዳንዱ የሚገባው ነፈቃ እንደ ተፈጥሮው ነው። እንግዲያው የዓሣ ነፈቃው ከምግቡ ይልቅ ውሃው ነው ብዬ ብደመድም የተሳሳትኩ አይመስለኝም። ቢሆንም ለጥንቃቄ የሰፈራችንን መስጊድ ሼኽ ጠየቅኋቸው፤ «ሳምንት ሙሉ ሳይበላ ትቼው ብሄድ እንደዚያች ሴትዮ አልሆንም ወይ?» አልኳቸው። እሳቸውም «የሚጎዳው ምን እንደሆነ ተፈጥሮውን የሚያውቀውን ጠይቅ፤ ካልጎዳው አልራበም። ሳታውቅ ማብላትም ሳታውቅ ማስራብም አንድ ቤት ናቸው» አሉኝ።

የልጅቷ ነገር ግን በፊቅህ ጥያቄ አላለቀልኝም። ሌሊቱን የአቡ ዑመይር ታሪክ ሲመላለስብኝ አደረ። አቡ ዑመይር የአነስ ኢብን ማሊክ ትንሽ ወንድም ነው፤ የሚጫወትባት ወፍ ሞታበት አዝኖ ሳለ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) እንደ ትልቅ ሰው በኩንያው እየጠሩ ስለ ወፏ ጠየቁት። ኢብኑል ቃስ የተባሉ ዓሊም ከዚህ አጭር ሐዲስ ስድሳ ቁም ነገር አውጥተው ለብቻው ጽፈውበታል። እኔ በዚያች ሌሊት የሚያስፈልገኝ አንዱ ብቻ ነበር። እንስሳ የሞተበት ልጅ መጀመሪያ የሚገባው መጽናናት ነው። ዓሦቹ ለእሷም ሞተውባታል። እንዲያውም ከእኔ ይልቅ ለእሷ! እኔ አሥራ አራት ቀን አንድ ጊዜ እንኳ ደውዬ ስለነሱ አልጠየቅሁም።

በነጋታው ከፈጅር በኋላ ፀሐይ እስክትወጣ ጠብቄ በራቸውን አንኳኳሁ። ለዘጠኝ ዓመት ልጅ አፉ በይኝ ማለት የዕዳ ወረቀት እንደመቅደድ ቀላል አይደለም። ከእናቷ ጀርባ ቆማ «አማና በልቻለሁ ወይ?» አለችኝ። «አማናውን የበላሁት እኔ ነኝ፤ ሳላስተምርሽ ሰጠሁሽ» አልኳት። የገባት አልመሰለኝም፤ ብቻ «አንዱ አለ አይደል?» ብላ ጠየቀችኝ። አለ አልኳት።

ከዚያ ወዲህ ሁለት ጊዜ ከቤት ርቄያለሁ። ለሥራ ስድስት ቀን ደሴ ስሄድ ምንም እንዳይበላ አደረግሁ። መንገድ ከመነሳቴ ሁለት ቀን አስቀድሜ የውሃውን ሩብ ቀየርኩ፤ የቧንቧ ውሃ ክሎሪን ስላለው በባልዲ ቀድቼ አንድ ቀን አሳደርኩት። በመነሻው ዕለት መቀየር አይደገፍም፤ ችግር ቢፈጠር የሚያየው ሰው የለማ! ስፖንጁንም በቧንቧ ውሃ ሳይሆን ከአኳሪየሙ በተቀዳ ውሃ አለብኩት፤ ክሎሪኑ ባክቴሪያዎቹን ይገድላልና። ሱቆች «የበዓል ምግብ» እያሉ የሚሸጡትን ቀስ በቀስ የሚሟሟ ጠጣር ወዳጄ ከልክሎኛል፤ ውሃ ያበላሻል። ዓሣ ማቆየት የሰለቸው ሰው ወስዶ ወንዝ ወይም ሐይቅ ውስጥ መልቀቅን እንደ ሰደቃ ሲቆጥረው ሰምቻለሁ፤ ይህም በዚያ ለሚኖሩት ዓሦች በሽታና ሽሚያ ማምጣት ነው።

ሁለተኛው መንገዴ አሥራ ሁለት ቀን ወሰደ። የአንድ ቀን የሚሆነውን ምግብ፣ በጥፍር ጫፍ የምትያዘውን፣ በወረቀት ጠቅልዬ አራት ጥቅልል ሠራሁ፤ በየአንዳንዱ ላይ ቀኑን ጻፍኩ። ጣሳውን ቁም ሣጥን ውስጥ ቆለፍኩበት። ለእናቷ ሞተሩ የሚወስደው ኤሌክትሪክ ከአንድ አምፖል እንደማይበልጥ አሳየኋት፤ ሽቦውንም አብረን አይተን በደህና ሶኬት ላይ ሰካነው። መብራት ሄዶ ከቆየ በጆግ ውሃውን እየቀዱ ከፍ አድርጎ መልሶ ማፍሰስ አየር እንደሚያስገባ ለልጅቷ አስለመድኳት። አፉን ከውሃው አናት ላይ ከከፈተ ምግብ እንዳትሰጥ፣ ለእኔ እንድትደውል ነገርኳት።

በሦስተኛው ቀን ስልኬ ጮኸ። ደነገጥኩ። «ጋሼ፣ ምን ሆኖ ነው እንዳትል» አለችኝ፤ «ምንም አልሆነም። ዛሬ ወረቀት የለውም፤ ስለዚህ አሰላሙ ዐለይኩም ብዬው ወጣሁ።»