ላላስተማረበት ወር ደመወዝ፣ ሐቁ የማን ነው?

አንድ መምህር ከሚያስተምርበት የግል ትምህርት ቤት በአንዲት ገጽ ደብዳቤ ተሰናበተ እንበል። ጥፋቱ በውል አልተነገረውም፤ ማስጠንቀቂያም አልደረሰውም። ከሰሰ፤ ከስምንት ወር በኋላ ስንብቱ ሕገ ወጥ መሆኑ ተረጋግጦ ወደ ሥራው እንዲመለስና ውዝፍ ደመወዝ እንዲከፈለው ተወሰነ። ይህን ጊዜ ከትምህርት ቤቱ ቦርድ አንዱ ተነስቶ «ጠመኔ ሳይጨብጥ ለከረመበት ወር ገንዘብ መቀበል እንዴት ሐላል ይሆንለታል?» ሲል ይጠይቃል።

ውድ አንባቢያን! ይህ በቀላሉ የሚታለፍ ጥያቄ አይደለም። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) የሠራተኛው ዋጋ ላቡ ሳይደርቅ እንዲሰጠው ማዘዛቸውን ሁላችንም ሰምተናል። ታዲያ ላብ ላልፈሰሰበት ወር የሚከፈለው ምን ይባላል? ምጽዋት ነው? ቅጣት ነው? ወይስ ሐቅ?

የፊቅህ ሊቃውንት ተቀጣሪን በሁለት ይከፍላሉ። ልብስ ሰፊው ለሁሉም ይሠራል፤ ዋጋውም የሰፋው ልብስ ነው። ጊዜውን ለአንድ አሠሪ የሰጠ ሰው ግን የሸጠው ጊዜውን ነው። የሐነፊን መዝሀብ ተከትሎ በዑሥማንያ መንግሥት ከ1869 እስከ 1876 እ.ኤ.አ. የተዘጋጀው «መጀላ» የተባለው የሕግ መድበል እንዲህ ያለው ተቀጣሪ በተቀጠረበት ጊዜ ለሥራ ዝግጁ ሆኖ እስከተገኘ ድረስ፣ ሥራው ባይሠራም እንኳ ዋጋው እንደሚገባው ይደነግጋል። አልሠራም ብሎ እምቢ ካለ ግን አይገባውም። ከዚህ ተነስተን ብናስብ የእኛ መምህር አልሠራም አላለም፤ በሩን የዘጋበት ትምህርት ቤቱ ነው። በሩን የዘጋ ሰው «ለምን አልገባህም?» ብሎ ሊወቅስ ይችላልን?

የአገራችን የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 በበኩሉ ለግል ትምህርት ቤት መምህራን መንገዱን አስቀምጧል። ሠራተኛው በሃይማኖቱ፣ በማኅበር አባልነቱ፣ አሠሪው ላይ አቤቱታ በማቅረቡና በመሳሰሉት ምክንያት ከተባረረ አሠሪው ሊመልሰው ይገደዳል፤ መመለስ ካልፈለገም ካሳ ይወስዳል። በሌላው ሕገ ወጥ ስንብት ዳኛው መመለስን ወይም ካሳን ይመርጣል፤ ግንኙነቱ ቢቀጥል ከባድ ችግር ያስከትላል ብሎ ካመነም፣ ሠራተኛው ልመለስ ቢል እንኳ በካሳ እንዲሰናበት ሊወስን ይችላል። ወደ ሥራ ልመለስ የሚለው ክስ በሦስት ወር ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል። ውዝፍ ደመወዙም በመጀመሪያው ፍርድ ከስድስት ወር፣ በይግባኝ ሲጸና ከአንድ ዓመት አይበልጥም።

እንግዲህ ስምንት ወር ለተንገላታው ሰው ከመጀመሪያው ፍርድ የሚደርሰው ቢበዛ የስድስት ወር ደመወዝ ነው። የቀረው የሁለት ወር በደልስ የት ገባ? ዳኛ የሚፈርደው በሕጉና በቀረበለት ማስረጃ ነው። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) በሰሙት መሠረት እንደሚፈርዱ ተናግረው፣ በፍርዳቸው የወንድሙን ሐቅ የወሰደ ሰው የወሰደው የእሳት ቁራጭ መሆኑን አስጠንቅቀዋል። ስለዚህ የሕጉ ጣሪያ የችሎቱን መዝገብ ይዘጋ እንደሆነ እንጂ የአኺራውን ሒሳብ አይዘጋም። ይህ ለመምህሩም ይሠራል። በእነዚያ ወራት ሌላ ቦታ ተቀጥሮ ደመወዝ ሲቀበል ከርሞ «ቤቴ ተቀምጬ ነበር» ቢል እሱም በተራው በዳይ ነው።

«ገንዘቡ እኮ የወላጆች ነው፤ በቦታውም ሌላ መምህር ቀጥረናል» የሚል ክርክር ይነሳል። እውነት ነው፤ ሸክሙ ይከብዳል። ነገር ግን ሸክሙን ያመጣው ያለ ምክንያት የተጻፈው ደብዳቤ ነው። አዲሱ መምህርም ቢሆን የሌላው ስህተት መክፈያ ሊሆን አይገባውም።

ከሁሉ የሚያሳዝነው ግን ሽምግልና የሚገባበት መንገድ ነው። ሽማግሌዎች ተሰብስበው ተበዳዩን ብቻ «ለአላህ ብለህ ተወው» ይሉታል። ዐፍው ማለት ትልቅ ዒባዳ ነው፤ ዳሩ ግን ባለቤቱ ተበዳዩ ነው። የልጆቹን የቤት ኪራይ በብድር የከፈለን ሰው በሰው ፊት አሳፍሮ ማስማር ሱልህ አይባልም። ሱልህ የሚጀምረው ሐቁ የማን እንደሆነ በግልጽ ከተነገረ በኋላ ነው። ከዚያ ወዲያ ክፍያውን በየወሩ መከፋፈል፣ መምህሩ በመንፈቁ መጀመሪያ እንዲመለስ መስማማት፣ ከፊሉን በፈቃዱ መተው ሁሉ ይቻላል።

ዑመር (ረ.ዐ.) ለአቡ ሙሳ አል-አሽዐሪ እንደላኩት በሚነገረው ደብዳቤ ትላንት የሰጠው ፍርድ ዳኛውን ወደ ሐቅ ከመመለስ እንዳያግደው መክረዋል። ዳኛ እንዲህ ከተመከረ ዳይሬክተርና ቦርድ ምን ያሳፍራቸዋል? ልጆቻችን በመማሪያ ክፍል ስለ ዐድል ይማራሉ። ነገር ግን የተባረረው መምህራቸው በፊት ለፊቱ በር ተመልሶ ሲገባ ቢያዩ የሚማሩት ይበልጣል።

አላህ (ሱ.ወ.) ሐቅን አውቀው ከሚመልሱት ያድርገን። አሚን።