የአባት ዕዳና የልጅ ነፍስ

ልጅ በአባቱ ግፍ ይጠየቃልን? የአባቱን አገር ትቶ ቢሰደድስ ከአባቱ ስም ያመልጣልን? በነቢዩ በሕዝቅኤል ዘመን የነበሩ ሰዎች መከራቸውን ሁሉ በአባቶቻቸው ኃጢአት ያመካኙ ነበር፤ ነቢዩ ግን በምዕራፍ 18 እያንዳንዲቱ ነፍስ በገዛ ሥራዋ እንደምትጠየቅ አስተማረ። ይህን ትምህርት በአፍ መቀበል ቀላል ነው፤ የግፈኛ ልጅ በፊታችን ስትቆም ግን እንፈተናለን።

የሶቪየት ኅብረት ገዥ የነበረው ስታሊን ስቬትላና የምትባል ሴት ልጅ ነበረችው። እርሱ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1953 እስኪሞት ድረስ ስፍር ቁጥር የሌለው ሕዝብ አስገደለ፤ አብያተ ክርስቲያናትንም አዘጋ፣ አስፈረሰ። ልጂቱ በ1957 የአባቷን ስም ትታ በእናቷ ስም አሊሉዬቫ ተባለች፤ በ1962ም እዚያው በሞስኮ በኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ተጠመቀች። በ1966 መጨረሻ የሟች ወዳጇን የአስከሬን አመድ ለማድረስ ወደ ህንድ ሄደች፤ በማርች 6 ቀን 1967 በኒው ዴልሂ ወዳለው የአሜሪካ ኤምባሲ ገብታ ጥገኝነት ጠየቀች፤ በአፕሪልም ኒው ዮርክ ደረሰች። ሁለት ልጆቿ ግን በሞስኮ ቀሩ፤ ታናሺቱ ገና የ16 ዓመት ልጅ ነበረች።

እንግዲህ ከአባቷ ቤት የወጣችው መቼ ነው? በኋለኛው ዘመኗ ወደ ሌሎች የእምነት ማኅበራት ብትዘዋወርም፣ በእውነት የወጣችው በ1962 ይመስለናል። አባቷ ሊያጠፋው በደከመበት እምነት፣ ከከተማው ሳትርቅ፣ ከእግዚአብሔር ዳግመኛ ተወለደችና። የ1967ቱ ጉዞ እግርን ከአገር አወጣ እንጂ ስምን አላራገፈም፤ በ2011 በዊስኮንሲን በ85 ዓመቷ ላና ፒተርስ ተብላ ስታርፍ እንኳ ዓለም የስታሊን ልጅ ይላት ነበር። ደግሞም ከአባት ዕዳ ነፃ የሚያደርገን ያው ትምህርት የራሳችንን መዝገብ ይከፍትብናል፤ የተተዉት ልጆች ነገር የአባቷ ሳይሆን የእርሷ ነውና። የጭንቋን ልክ የሚያውቅ እግዚአብሔር ስለ ሆነ ፍርዱም የእርሱ ነው።

ለእኛ ግን ሥራ ቀርቶልናል። «ዘር ከልጓም ይስባል» እያልን የበደለኛን ልጅ ከደጃችን፣ ከማዕዳችን፣ ከጋብቻችን የምንከለክል ብዙዎች ነን። የጥምቀት ልደት ከሥጋ ልደት የሚበልጥ መሆኑን ካመንን፣ ሰውን «የማን ልጅ ነህ?» ብለን ከመጠየቃችን በፊት በክርስቶስ ወንድም ብለን እንቀበለው።