ጊዜያዊ የተባለ አገልግሎት

ጊዜያዊ የሚለው ቃል በራሱ ክፉ አይደለም። ጎርፍ ድልድይ ሲያፈርስ ወይም መዝገብ ሲከማች መንግሥት ለጥቂት ወራት ተጨማሪ ሰው መፈለጉ የታወቀ ነው። ነገር ግን የጥቂት ወራቱ ሥራ ዐሥር፣ ሃያ ዓመት ሲሞላው፣ ቃሉ የሥራውን ጠባይ መግለጡ ይቀርና የሠራተኛውን መብት መሸፈኛ ይሆናል። እንዲህ ያለው ሠራተኛ «ቋሚ ይበሉኝ» ብሎ በዳኛ ፊት ሲቆም ምን ሊፈረድለት ይገባል? የሕንድ አገር ዳኞች ይህን ጥያቄ ለብዙ ዘመን ስለ መረመሩት፣ ምሳሌያችንን ከዚያ እንወስዳለን።

በካርናታካ ክፍለ ሀገር የንግድ ግብር መሥሪያ ቤት፣ በአውሮፓውያን አቈጣጠር በ1985 እና በ1986 በቀን ሒሳብ የተቀጠሩ ሰዎች ከዐሥር ዓመት በላይ ካገለገሉ በኋላ ቋሚነትን ጠየቁ። ነገሩ ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ፣ በ2006 አምስት ዳኞች እንዲህ ሲሉ ፈረዱ፦ ሕገ መንግሥቱ በ14ኛውና በ16ኛው አንቀጽ ዜጎች ሁሉ በሕግ ፊትና በመንግሥት ሥራ እኩል ናቸው ስለሚል፣ ያለ ማስታወቂያና ያለ ውድድር የገባ ሰው በአገልግሎት ዘመን ርዝመት ብቻ ቋሚ ሊሆን አይችልም። ሆኖም በተፈቀደ የሥራ ቦታ ላይ፣ ችሎታው ኖሯቸው፣ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ዐሥር ዓመትና ከዚያ በላይ የሠሩትን መንግሥት ለአንድ ጊዜ ብቻ ቋሚ እንዲያደርጋቸው አዘዙ።

ይህን ፍርድ ጨካኝ ነው ብለን አናልፈውም። ዳኞቹ ያሰቡለት አንድ ሰው ነበረና፤ እርሱም በችሎቱ ያልነበረው፣ ማስታወቂያ ወጥቶ ቢሆን ተወዳድሮ ሊገባ ይችል የነበረው፣ በመሥሪያ ቤት ዘመድ የሌለው የገጠር ወጣት ነው። ሹሞች ወዳጆቻቸውን በጊዜያዊ ስም አስገብተው ዘመን እንዲቈጥሩ ቢፈቀድላቸው፣ ውድድር የሚባለው ነገር ከንቱ ይሆናል።

ነገር ግን ያን ወጣት የበደለው ማን ነው? በሩን ያለ ማስታወቂያ የከፈተው ሹም ነው እንጂ፣ እንጀራ ፍለጋ የገባው ሠራተኛ አይደለም። በማዕከላዊው የውሃ ኮሚሽን ለብዙ ዓመታት ሲጠርጉና አትክልት ሲኰተኵቱ የኖሩ ሠራተኞች በ2018 ተሰናበቱ፤ ያው ሥራ ግን ለግል ድርጅት ተሰጠ። በ2024 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ወደ ሥራቸው ተመልሰው ቋሚ እንዲሆኑ ሲወስን፣ የ2006ቱ ፍርድ በጓሮ በር መግባትን ለመከልከል የተሰጠ እንጂ ዘመናቸውን በአገልግሎት የፈጁትን ለመንፈግ አለመሆኑን አስረዳ። ሥራው ለሌላ መሰጠቱም ለመሥሪያ ቤቱ የዘወትር አስፈላጊ መሆኑን እንደሚያሳይ አመለከተ።

እኛም ከዚህ አንድ ነገር እንማራለን። ጠራጊዋ ስትባረር የገጠሩ ወጣት ምን አገኘ? ሥራው በማስታወቂያ አልወጣለትም፤ ሁለቱም ተበደሉ። የእኩልነት ዘበኛ ሊቆም የሚገባው በመግቢያው በር፣ በመጀመሪያው ቀን ነው፤ በሃያኛው ዓመት መውጫው ላይ ቆሞ ደካማውን ቢይዝ፣ ዘበኛ መባል አይገባውም። የሠራተኛውን ስም በየማለዳው በመዝገብ ሲጽፍ የኖረ መሥሪያ ቤት፣ ከችሎት ሲቀርብ አላውቀውም ቢል ማን ያምነዋል?

ስለዚህ የጊዜያዊ ውል ማደሻ ደብዳቤ ከፊቱ የቀረበለት ሹም፣ ብዕሩን ከማንሣቱ በፊት ሥራው በእውነት ያልፍ እንደሆነ ይጠይቅ። የማያልፍ ከሆነ በጊዜው በማስታወቂያ ያውጣው። ይህን ጥያቄ ሹሙ ሳይጠይቀው ቢቀር፣ ከብዙ ዓመት በኋላ ዳኛው ይጠይቀዋል፤ በመካከሉ ያለፈውን የሰው ዕድሜ ግን የሚመልስ ፍርድ የለም።