ጥቁረት ጨለማ ነውን?

ቅዱሳት መጻሕፍት ጽድቅን በብርሃን፥ ኃጢአትን በጨለማ መስለው ያስተምራሉ። ምሳሌው እውነት ነው። ነገር ግን መምህሩ ሳይጠነቀቅ ያሰፋው እንደ ሆነ ጨለማ ከጥቁረት ይደባለቃል፤ ሰሚውም መልኩ የጠቆረውን ሁሉ ክፉ ነው ብሎ ይሄዳል። ሰይጣንን በጥቁር ቀለም የመሣል የቆየ ልማድም ይህን አሳብ ያጸናዋል። በጂንካና በደቡብ ኦሞ ለሚያገለግል ካህን ነገሩ ቀላል አይደለም። የአሪ፥ የሙርሲ ወይም የሐመር ልጅ ወደ ቤተ ክርስቲያን ገብቶ የገዛ መልኩን በዲያብሎስ ፊት ላይ ተሥሎ ቢያይ፥ ስለ ፈጣሪው ምን ይማራል? ስለዚህ ጥቁረት ጨለማ ነውን ብለን እንጠይቃለን።

አስቀድመን ነገሩን ለይተን እንመልከት። በሥነ ፍጥረት ትምህርታችን፥ በዕለተ እሑድ ከተፈጠሩት ከስምንቱ ፍጥረታት አንዱ ጨለማ ነው። እንግዲህ ሌሊቱ ራሱ የእግዚአብሔር ፍጥረት ነው እንጂ ክፉ አይደለም። በምሳሌ ጨለማ የተባለው ኃጢአት ግን ፍጥረት አይደለም፤ ብርሃን ሲመጣለት አልቀበልም የሚል ፈቃድ ነው። የጨለማው ክፋት ብርሃንን መመለሱ ከሆነ፥ ጥቁር ነገር ብርሃንን ይመልሳልን? ለዚህ ከሰማይ ምስክር እንጥራ።

በማርስና በጁፒተር መካከል አስትሮይድ የተባሉ እጅግ ብዙ ዓለቶች ፀሐይን ይዞራሉ። ከእነርሱ አንዱን፥ ማቲልድ የተባለውን፥ ዮሐን ፓሊሳ በአገራችን አቆጣጠር በ1878 ዓ/ም በቪየና ሆኖ አገኘው። በ1989 ዓ/ም ኒር የተባለችው መንኮራኩር በአጠገቡ አልፋ ሥዕሉን አነሣች። ስፋቱ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ካርቦን የበዛበት በመሆኑም ከሰል ይመስላል፤ ከሚያርፍበት የፀሐይ ብርሃን ከመቶው 4 እጅ ያህሉን ብቻ መልሶ ያንጸባርቃል።

በዚያው መቀነት ውስጥ ሴሬስና ቬስታ የተባሉ ሁለት አካላት አሉ። ሴሬስን በ1793 ዓ/ም በፓሌርሞ ያገኘው ጁሴፔ ፒያሲ ካህን ነበረ። የሴሬስ ስፋት 940 ኪሎ ሜትር፥ የቬስታ ግን 525 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ሆኖም ቬስታ አንዳንድ ጊዜ ያለ መነጽር እስከ መታየት ድረስ ሲያበራ፥ ታላቁ ሴሬስ ጥቁር ስለ ሆነ ደብዝዞ ይታያል። በብሩህነት ብቻ የሚፈርድ ሰው እንግዲህ ታናሹን ታላቅ፥ ታላቁን ታናሽ ይላል።

ታዲያ ጥቁሩ አካል ያልመለሰው ብርሃን ወዴት ሄደ? ወደ ውስጥ ገብቶ ሙቀት ሆነ። በ1975 ዓ/ም ኢራስ የተባለው ሳተላይት ይህን ሙቀት ለክቶ የብዙ አስትሮይዶችን እውነተኛ መጠን አስታወቀ። ጥቁሩ ብርሃንን አልገፋም፤ ከሚያንጸባርቀው ይልቅ አብልጦ ተቀበለ፥ የተቀበለውንም ሙቀት አድርጎ ሰጠ። በ2016 ዓ/ም መስከረም ወር ቤኑ ከተባለው ጥቁር አስትሮይድ ወደ ምድር የመጣው አፈር በተመረመረ ጊዜም፥ ውሃ የያዘ ጭቃና የሥጋ መሠረት የሆነው አሚኖ አሲድ ተገኝቶበታል።

ይህን ስንል ግን ጥቁር ሁሉ ጻድቅ ነው ማለታችን አይደለም፤ መልክ አያጸድቅም፥ አይኮንንምም። የአባ ሙሴ ጸሊም ታሪክ ይህን ያስረዳል። ጸሊም መባሉ ከመልኩ የተነሣ ነው፤ ጨለማው ግን ወንበዴነቱ ነበረ። ንስሐ በገባ ጊዜ ጨለማው ተወገደ፤ ጥቁረቱ ግን እንደ ነበረ ኖረ፤ ቤተ ክርስቲያንም ሰኔ 24 ቀን በዚያው ስሙ ታከብረዋለች። ጥቁረት ጨለማ ቢሆን ኖሮ ሁለቱ አብረው በተወገዱ ነበር።

መልክን የመናቅን ስሕተት እኛ ራሳችን በሌላው እጅ ቀምሰነዋል። ግሪኮች ኢትዮጵያ ያሉን ፊቱ የከሰለ ሲሉ ነው። ጠላት አገራችንን ወርሮ ሥልጣኔ አመጣሁላችሁ ይል በነበረበት ዘመን፥ በ1929 ዓ/ም ሐምሌ 25 ቀን፥ ሲሪል ጃክሰን በጆሃንስበርግ አንድ አስትሮይድ አገኘ፤ እርሱም በ1432 ቍጥር ተመዝግቦ ኢትዮጵያ ተብሎ ተሰየመ። ወራሪው በአምስት ዓመት ወጣ፤ የተናቀው ስም ግን በሰማይ መዝገብም ጸንቶ አለ።

እንግዲህ በእኛ ላይ ሲደረግ የጠላነውን በወንድሞቻችን ላይ እንዳናደርግ እንፍራ። ወደ ኦሞ ሸለቆ የሚወርድ መንገደኛ የሙርሲ ሴትን የከንፈር ሸክላ ፎቶግራፍ አንሥቶ፥ አወቅኋቸው ብሎ ይመለሳል። እንግሊዛዊው የባህል ተመራማሪ ዴቪድ ተርተን ግን አብሯቸው ተቀምጦ ሌላ ነገር ጻፈ። የጊቤ 3 ግድብ የወንዙን ጠባይ ከመለወጡ በፊት፥ ሙርሲዎች በደቡብ ሰማይ ያሉ የታወቁ ከዋክብት ፀሐይ ከገባች በኋላ የሚሰወሩበትን ጊዜ ጠብቀው፥ የኦሞን ሙላት ያውቁ ነበር፤ ውሃው ሲሸሽም በዳርቻው ማሽላ ይዘሩ ነበር። ከሚታየው ኮከብ ብቻ ሳይሆን ከተሰወረውም የሚማር ሕዝብ በፊቱ ብቻ ሊመዘን አይገባውም። እግዚአብሔርም ዳዊትን በመረጠ ጊዜ ለሳሙኤል የነገረው ይህንኑ ነው፤ ሰው መልክን፥ እርሱ ግን ልብን እንዲያይ አስታውቆታል።

ስለዚህ ሰባኪው ኃጢአትን ጨለማ ሲል፥ ብርሃንን አለመቀበል ማለት እንደ ሆነ ይተርጕም። ሠዓሊውም የሰይጣንን ክፋት በግብሩ ያሳይ እንጂ የወንድሙን መልክ አያውሰው። እኛ ካህናትም ልብሳችን ነጭ፥ ቃላችን ብሩህ ሆኖ ሳለ፥ የተቀበልነውን ብርሃን ለመታየት ብቻ መልሰን የምናንጸባርቅ እንዳንሆን ራሳችንን እንመርምር። ብርሃኑን ወደ ውስጥ አስገብተን ለሌላው ሙቀት እንድንሆን አምላካችን ይርዳን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።