ከሥሩ የተጣላ ቅርንጫፍ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።



በዚህ አካባቢ ስንኖር ስለ አይሁድ የማንሰማበት ቀን የለም። በምንሠራበት ቤት ቴሌቪዥኑ ያወራል፤ ስልካችን ላይ ቪዲዮው ይላካል። አንዱ እነርሱን በረገመ ቁጥር የሚጸድቅ ይመስለዋል። ሌላው ደግሞ የእስራኤል ስም ከተጠራ ምንም ቢደረግ ልክ ነው ይላል። ከቅዳሴ በኋላም ይህ ጥያቄ ደጋግሞ ይነሣል፦ ጌታችንን የሰቀሉት አይሁድ ከሆኑ ክርስቲያን እንዴት ይያቸው? ጥያቄው የፖለቲካ ይመስላል፤ ነገር ግን የሃይማኖት ጥያቄ ነው። የምንሰጠው መልስ እኛ ራሳችን እነማን እንደሆንን ይገልጣልና።

የሰቀለው ማን ነው?

በኒቅያ ጉባኤ በ325 ዓ.ም. ተጀምሮ በቁስጥንጥንያ በ381 ዓ.ም. የተፈጸመውን ጸሎተ ሃይማኖት በየቅዳሴው እንደግማለን። አባቶቻችን ስለ ጌታ መከራ ሲመሰክሩ በስም የጠሩት አንድ ሰው ጲላጦስን ነው። እርሱም ሮማዊ ገዥ ነበር። አይሁድ ሰቀሉት ብለው አልጻፉልንም። ስለ ማን ተሰቀለ ለሚለው ግን መልሱን አስቀምጠዋል፤ ስለ እኛ ነው።

ወንጌሉንም እንመልከት። የካህናት አለቆች አሳልፈው ሰጡ፤ ጲላጦስ ፈረደ፤ የሮም ወታደሮች ቸነከሩ። ከደቀ መዛሙርቱ አንዱ ሸጠው፤ አንዱ ካደው፤ የቀሩት ሸሹ። በዚያው ቀን ደግሞ የኢየሩሳሌም ሴቶች አለቀሱለት፤ ሊያዩ የተሰበሰቡት ሰዎች ደረታቸውን እየደቁ ተመለሱ። ሥጋውን ከመስቀል አውርደው የገነዙት ዮሴፍና ኒቆዲሞስም አይሁድ ናቸው። ከመስቀሉ ሥር የቆመችው እመቤታችን የዳዊት ልጅ ናት። ታዲያ አንድን ሕዝብ በሙሉ ሰቃይ የምንለው የትኛውን ወንጌል አንብበን ነው?

ደሙ በእኛና በልጆቻችን ላይ ይሁን ያሉትስ? የሚል ይኖራል። ጌታ ራሱ በመስቀል ላይ ሆኖ ይቅርታን የለመነው ለእነዚያው ሰዎች ነው። ከሃምሳ ቀን በኋላ ቅዱስ ጴጥሮስ በዚያችው ከተማ ሲሰብክ 3000 ያህል ነፍስ ተጠመቀ። የክርስቶስ ደም እንደ አቤል ደም በቀልን አይጮኽም። ነቢዩ ሕዝቅኤልም በምዕራፍ 18 ልጅ የአባቱን ኃጢአት እንደማይሸከም ተናግሯል።

የቤተ ክርስቲያናችን ሥርዓትም ይህንኑ ያስተምረናል። በስቅለት ዓርብ ሙሉ ቀን ሰግደን ስናበቃ ካህኑ በወይራ ቅጠል ትከሻችንን ይጠበጥበናል፤ የበደለውም ተጨማሪ ስግደት ይቀበላል። በዚያ ቀን ጥፋተኛ ፍለጋ ወደ ጎረቤት አንሄድም። የሚመታው የራሳችን ትከሻ ነው።

የበረሃው ወይራ

ይህ ወይራ ወደ ሐዋርያው ጳውሎስ ቃል ያደርሰናል። ወደ ሮሜ በላከው መልእክት ከምዕራፍ 9 እስከ 11 ስለ ወገኖቹ በብዙ ኀዘን ይናገራል። እነርሱ እንዲድኑ ብሎ እርሱ ራሱ ከክርስቶስ ተለይቶ የተረገመ ቢሆን እንደሚመርጥ እስከ መናገር ደርሷል። ከዚያም ከአሕዛብ ወገን ላመኑት ምሳሌ ይሰጣል፦ እስራኤል መልካም ወይራ ናቸው፤ እናንተ ደግሞ የበረሃ ወይራ ቅርንጫፍ ነበራችሁ፤ ከመልካሙ ግንድ ጋር ተጣብቃችሁ ከሥሩ በረከት ተካፈላችሁ፤ ስለዚህ በተሰበሩት ቅርንጫፎች ላይ አትታበዩ ይላቸዋል።

ይህን ምሳሌ እኛ ከማንም ይልቅ ልንረዳው ይገባል። በአገራችን በቤተ ክርስቲያን ቅጥር የሚበቅለው ወይራ የበረሃው ዓይነት ነው። ፍሬው ደቃቅ ነው፤ ለማጠኛ፣ ለዱላ፣ ለጥብጠባ እንጂ ለማዕድ አይሆንም። በሊባኖስና በዮርዳኖስ ተራሮች የምታዩት ዘይቱን ግን ዘይቱ ቤተሰብ ይመግባል። የአትክልተኛ ልማዱ የመልካሙን ቅርንጫፍ ቆርጦ በሌላ ግንድ ላይ ማጣበቅ ነው፤ ማን የዱሩን ቅርንጫፍ በመልካሙ ግንድ ላይ ያጣብቃል? ቅዱስ ጳውሎስ ግን እግዚአብሔር ያደረገው ይህንኑ መሆኑን፣ ከተፈጥሮ ልማድ ውጭም መሆኑን ይናገራል። እንግዲህ የገባነው በብልጫችን ሳይሆን በቸርነቱ ነው። ሥሩን የሚሰድብ ቅርንጫፍ በምን ሊኖር ነው?

ከሥሩ ያገኘነውን እንቁጠር። ጠዋት ተነሥተን የምንደግመው ዳዊት የእነርሱ መዝሙር ነው። ሐዋርያት፣ እመቤታችን፣ ጌታችንም በሥጋው ከእነርሱ ናቸው። ጌታ በስምንተኛው ቀን መገረዙን ጥር 6 ቀን እናከብራለን። ታቦት አለን። ሰንበተ አይሁድ የምንላትን ቅዳሜን ከእሑድ ጋር እናከብራለን፤ ይህም በንጉሡ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን በደብረ ምጥማቅ ጉባኤ በ1450 እ.ኤ.አ. ጸንቷል።

ይህ ሲባል የሃይማኖት ልዩነት የለም ማለት አይደለም። ንጉሡ ገላውዴዎስ በ1555 እ.ኤ.አ. በጻፈው የእምነት መግለጫ ቅዳሜን የምናከብረው እንደ አይሁድ እንዳልሆነ፣ ግዝረትም የአገር ልማድ እንጂ የመዳን መሠረት እንዳልሆነ አስረድቷል። እኛ ኦሪትና ነቢያት በክርስቶስ ተፈጸሙ ብለን እናምናለን፤ ይህን በማንም ፊት አንደብቅም። ነገር ግን ማመን ሌላ ነው፤ መታበይ ሌላ ነው።

ትዕቢት ምን አደረገ?

በሁለተኛው ምዕተ ዓመት ማርቅዮን የሚባል መምህር ብሉይ ኪዳንን ጥሎ፣ የኦሪት አምላክና የክርስቶስ አባት ሁለት ናቸው ብሎ አስተማረ። በ144 ዓ.ም. ገደማ በሮም የነበረችው ቤተ ክርስቲያን አወገዘችው። ከሥሩ ጋር የተጣላ ትምህርት ገና ከጅምሩ ኑፋቄ ተባለ ማለት ነው።

ቅዱስ ዮሐንስ አፈወርቅ በ386 እና በ387 ዓ.ም. በአንጾኪያ ያደረጋቸው ብርቱ ተግሣጾች አሉ። የሚገሥጸው ወደ ምኩራብ በዓል የሚሄዱትን የራሱን ምእመናን ነበር፤ በአይሁድ ላይ የተጠቀመበት ቃል ግን እጅግ መራራ ነው። ከብዙ ዘመን በኋላ በአውሮፓ አይሁድን ያሳደዱ ሰዎች ያንን ቃል ለጥላቻቸው መሣሪያ አደረጉት። ቅዱሱን የምናከብረው ስለ ቅድስናው ነው፤ በቃሉ ሰው ለመግፋት አይደለም።

ሩቅ ሳንሄድ የራሳችንን አገር እናስብ። በጎንደር፣ በስሜንና በደምቢያ የኖሩት ቤተ እስራኤል ኦሪትን በግእዝ የሚያነቡ ወገኖቻችን ነበሩ። ፈላሻ ተባሉ፤ ርስት ተከለከሉ። ማረሻችንን የቀጠቀጡልን፣ እንስራና ምጣዳችንን የሠሩልን እነርሱ ሆነው ሳለ ቡዳ ናቸው፣ ሌሊት ጅብ ይሆናሉ ተባለባቸው። ይህን ያለው ሌላ ሰው አይደለም፤ ዳዊት የሚደግም፣ ጾም የሚጾም ሕዝብ ነው። በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. ወደ ኢየሩሳሌም እናልፋለን ብለው በሱዳን በኩል ሲሄዱ በሺዎች የሚቆጠሩት በመንገድና በካምፕ አለቁ። በግንቦት ወር 1991 እ.ኤ.አ. ደግሞ ከ14,000 በላይ የሚሆኑት በሁለት ቀን ውስጥ በአውሮፕላን ተወሰዱ። በበደሉ ምክንያት ብቻ ሄዱ አንልም፤ የጽዮን ናፍቆትም ነበራቸው። ነገር ግን ሲሄዱ ስንቶቻችን አለቀስን?

አጋርን ያየ አምላክ

ሁለተኛውን ስሕተትም ዝም ብለን አንለፈው። አይሁድን መውደድ ማለት በእስራኤል ስም የሚደረገውን ሁሉ ማጽደቅ አይደለም። ነገሥታቱን ፊት ለፊት የገሠጹ ነቢያት ከዚያው ሕዝብ ወጥተዋል። ኦሪት የራሷን እናት የሣራን ጥፋት እንኳ አልሸሸገችም። ግብፃዊቷ ሠራተኛ አጋር በእመቤቷ ስትጨነቅ ወደ ምድረ በዳ ሸሸች፤ እግዚአብሔርም አገኛት፤ እርስዋም የሚያየኝ አምላክ ብላ ጠራችው። ታሪኩን ጽፈው ያቆዩልን የሣራ ልጆች ናቸው። ስለዚህ በዚህ አገር አይሁዳዊም ሆነ ዐረብ ልጁን ሲቀብር ብናይ፣ የማን ወገን ነው ብለን ሳንጠይቅ እናልቅስ።

እኅቴ ሆይ፣ ሳምንቱን ሙሉ ያለ ዕረፍት የምትሠሪ፣ ይህ ነገር ምን አገባኝ አትበይ። በዚህ ዓለም የአንቺን ድካም ቀድሞ ያየው ሕግ የትኛው ይመስልሻል? በኦሪት ዘዳግም ምዕራፍ 5 የሰንበት ዕረፍት ለጌታው ብቻ አልተሰጠም፤ ለሴት ሠራተኛውና በደጁ ላለው መጻተኛም ታዟል። ምዕራፍ 24 የድሀውን ደመወዝ ፀሐይ ሳይገባ ክፈል ይላል። ምዕራፍ 10 ደግሞ መጻተኛውን ውደድ፣ አንተም በግብፅ መጻተኛ ነበርህና ይላል። ደመወዝሽ ሲያዝ፣ ዕረፍት ስትከለከዪ፣ ይህ ግፍ ነው ብለሽ ወደ እግዚአብሔር የምትጮኺበት ቃል ከሲና ተራራ የመጣ ነው። የተከራከረልሽን መጽሐፍ የጠበቀልሽን ሕዝብ እንዴት ትረግሚያለሽ?

እንግዲህ ምን እናድርግ? አንድን ሕዝብ በሙሉ የሚሰድብ ቪዲዮ ሲደርሰን ለሌላ አናስተላልፍ። ቡዳ የሚለውን ቃል ከአፋችን እናውጣ፤ ለልጆቻችንም አናውርስ። ከቤተ እስራኤል ወገን የሆነ ሰው ካገኘን እንደ አገር ልጅ፣ እንደ ወንድም ሰላም እንበለው። ዳዊት ስንደግም በማን አፍ እንደምንጸልይ እናስብ። ስለ ክርስቶስ ስንጠየቅም በትሕትና እንመስክር። ቅዱስ ጳውሎስ የእግዚአብሔር ስጦታና ጥሪ እንደማይሻር ተናግሯል፤ የተሰበሩትን ቅርንጫፎች መልሶ ማስገባት የእርሱ ሥራ ነው። የእኛ ድርሻ በገባንበት በቸርነቱ መጽናት ነው።

የአብርሃም፣ የይስሐቅ፣ የያዕቆብ አምላክ በስደት ያላችሁትን ይጠብቅልን፤ ለዚህ ምድር ሰላሙን ይስጥልን፤ ከትዕቢትም ይሰውረን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር፣ ወለወላዲቱ ድንግል፣ ወለመስቀሉ ክቡር። አሜን።