«የኛ ልጅ» ስንል

ሩት ኔጋ የተወለደችው አዲስ አበባ ነው፤ አባቷ ኢትዮጵያዊ ሐኪም፣ እናቷ አየርላንዳዊት ነርስ። በልጅነቷ ወደ አየርላንድ ሄደች፤ ትወናውንም የተማረችው ደብሊን፣ ትሪኒቲ ኮሌጅ ነው። በ2005 (እ.ኤ.አ.) «ብሬክፋስት ኦን ፕሉቶ» በተባለው ፊልም ታየች። በ2017 ደግሞ «ላቪንግ» በተሰኘው ፊልም ለኦስካር ስትታጭ ብዙዎቻችን «የኛ ልጅ!» አልን።

ደስታችን ክፉ አይደለም። ግን በምን መብት? የቡሌ ሆራ ገበሬ ቡናው አውሮፓ ሲደርስ «የኔ ነው» ቢል ያምርበታል፤ ተክሎ፣ ለቅሞ፣ አድርቆ የላከው እሱ ነዋ! እኛ ለሩት ምን አደረግን? «ደሟ የኛ ነው» ትሉኝ ይሆናል። እሺ፣ ደም ያዛምዳል። የሌላውን ልፋት ግን የራስ አያደርግም።

ዛሬ እዚያው ቡሌ ሆራ በትምህርት ቤት የድራማ ክበብ የምትተውን ልጅ ብትኖር፣ «ይሄ ደግሞ ምን እንጀራ ይሆንሻል?» ብለን ከመድረክ የምናወርዳት እኛው አይደለን? ነገ ውጭ አገር ሄዳ ሲሳካላት ግን «የኛ ልጅ» ለማለት የሚቀድመን የለም። ሲያልፍላት ብቻ የሚጀመር ዝምድና ሽሚያ ነው። «የኛ ናት» ማለት ዕዳ አለበት፤ የሚከፈለውም ገና ስሟ ላልታወቀው ልጅ ነው።